አባቴ ለበሬው የነገረው

(ለግብርና ኮሌጅ ተመራቂዎች ከቀረበ ንግግር ለንባብ የተስተካከለ)

እንደምን ዋላችሁ።

ጋባዦቼ ርእስ ሰጥተውኝ ነበር፤ "የቤተሰብ እርሻና የትውልድ ቅብብሎሽ" የሚል። ሰባት ገጽ ጻፍኩበት። ትናንት ማታ ጮክ ብዬ ሳነበው እኔኑ እንቅልፍ ወሰደኝ። ስለዚህ ገጾቹን ቤት ትቼ ይቺን ይዤ መጣሁ።

ከኋላ ያላችሁ ላታዩአት ትችላላችሁ። ምራን ናት። ከገበሬ ቤት የወጣችሁ ከሩቁ በጠረኗ ታውቋታላችሁ። ለከተማ ልጆች ልንገር፤ ሞፈሩን ከቀንበሩ ጋር የምታስረው የቆዳ ጠፍር ናት። እሷ ከሌለች በሬው ለብቻው ይሄዳል፤ ማረሻው ባለበት ይቀራል። ይቺን አባቴ ከቡሬ ቆዳ ነው የሠራት። ቡሬ የቀኝ በሬያችን ነበር። ብዙ ዓመት አርሶ፣ አርጅቶ፣ ለፋሲካ ቅርጫ ገባ። አባቴ ድርሻውን ተቀበለ፤ ከሥጋው ግን አንድ ጉርሻ አልቀመሰም። ጾሙ ተፈትቶ ሁሉም ሲበላ እሱ ቆዳውን ነክሮ፣ ዙሪያውን እየዞረ በቢላ ይቆርጥ ነበር። ከዚያ ሞራ እያሸ አለፋው። ሦስት ቀን ፈጀበት። ለምን አትበላም ብሎ የጠየቀው ሰው አልነበረም። እናቴም ዝም ብላ ሽሮ ሠራችለት።

ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንድ ነገር ብቻ ነው። ገበሬ አባትና ልጅ እንዴት እንደሚነጋገሩ። ቀላል ይመስላል። እኔ ለመረዳት ሠላሳ ዓመት ፈጅቶብኛል፤ በመሀሉም አንድ ጥማድ ጤፍ አበላሽቻለሁ።

የተወለድኩት ምሥራቅ ጎጃም፣ ብቸና አካባቢ ነው። ጤፍ አገር ነው። መሬታችን ዋልካ ነው፤ በጋ ላይ እግር የሚያስገባ ስንጥቅ ያወጣል፣ ክረምት ላይ ደግሞ ጫማ ያስቀራል። በእኛ ቤት ወንድ ልጅ የራሱ ማዕረግ አለው። ጥጃ ጠባቂ ሆኖ ይጀምራል። ከዚያ በግ፣ ከዚያ ከብት። ከዚያ አባቱን እየተከተለ ጓል ይከሰክሳል። እርፍ የሚጨበጠው መጨረሻ ላይ ነው።

እናንተ ስለ ማረሻ ኮርስ ወስዳችኋል። አፈሩን እንደማይገለብጥ፣ ሰንጥቆ ብቻ እንደሚያልፍ ተምራችኋል። በሁለት ትልም መሀል ያልታረሰ መሬት ይቀራል። ስለዚህ ገበሬው ተመልሶ አግድም ያርሰዋል፣ ደግሞ ያቋርጠዋል። ጤፍ ሲሆን ይሄ አራት አምስት ጊዜ ይደጋገማል፤ ከዚያም በላይ የሚያርስ አለ። መጀመሪያ ይገመሳል፣ ከዚያ አይማው ይቀጥላል፣ ከዚያ ማለስለስ ነው። ስሙ እንደየአገሩ ይለያያል።

እስቲ እንቁጠረው። ጥማድ ማለት ጥንድ በሬ በቀን የሚያርሰው መሬት ነው፤ አራቱ አንድ ሄክታር ይሆናል። አባቴ ስድስት ጥማድ ነበረው። ሁሉንም ጤፍ ቢያደርገውና አምስት አምስት ጊዜ ቢያርሰው ሠላሳ ቀን ሙሉ ከበሬ ኋላ ይሄዳል። ሚካኤልን፣ ማርያምን፣ ባለወልድን፣ ቅዳሜና እሑድን ስታወጡበት ሠላሳው ቀን ወደ ሁለት ወር ይለጠጣል። ሁለት ወር አባትና ልጅ አንድ ማሳ ላይ ይውላሉ። ፊት ለፊት ግን አይተያዩም። በሬዎቹ ፊት፣ አባት ከኋላ፣ ልጅ ከአባት ኋላ። የአባቴን ፊት አሁን ሳስታውሰው ይደበዝዝብኛል። ተረከዙን ግን ዓይኔን ጨፍኜ ልሥልላችሁ እችላለሁ። የግራው ተረከዝ ላይ እንደ ዋልካው የተሰነጠቀ መስመር ነበረው፤ ጭቃ ሲገባበት ይጠቁራል፣ ማታ ሲታጠብ ይቀላል።

አባቴን "አያ" ነበር የምንለው። አያ ወሬ አይወድም። ቤት ውስጥ ለኔ የሚናገረው ሦስት ቃል ነው፤ "ና"፣ "ሂድ"፣ "አምጣ"። ማሳ ላይ ግን ቀኑን ሙሉ ያወራል። ለበሬዎቹ።

የግራው በሬ ዳለቻ ይባላል። አመዳማ፣ ተንኮለኛ፣ ትልሙን ወደ ሣሩ የሚስብ በሬ ነው። አንድ ቀን ማታ ጥጃ ሳላስር ተኛሁ። ጥጃው ላሚቱን ጠብቶ አደረ። ጧት ወተት የለም። አያ ምንም አላለኝም። እኔም አለፈልኝ ብዬ ተከተልኩት። ሁለተኛው ትልም ላይ ጅራፉን አጮኸና "አንተ ዳለቻ!" አለ። "እናትዬዋ ባዶ ጡት ይዛ አደረች አሉ። ጥጃውን ማን ነው ያላሰረው? አንተ ነህ? እንቅልፍ እንዲህ ይጥላል?" ዳለቻ ምንም አልመለሰም። እኔ ከኋላ ሆኜ ጓሉን ከወትሮው አጠንክሬ ከሰከስኩት።

ሌላ ጊዜ ደግሞ ካርድ ተሰጥቶ መጣሁ። ከስልሳ ልጅ ሦስተኛ ወጥቻለሁ። አያ ካርዱን ገልብጦ አየው፤ ማንበብ አይችልም። ለእናቴ ሰጣትና ወጣ። ከፋኝ። በማግስቱ ማሳ ላይ፣ "ዳለቻ፣ ሰምተሃል?" ሲል ሰማሁት። "ከስልሳ ሰው ሦስተኛ ወጣ አሉ። አንተ ከሁለት በሬ ሁለተኛ ነህ!"

እንዲህ ነበር የምንነጋገረው። ልጅ ሳለሁ አባቴ ከኔ ይልቅ በሬ የሚወድ ይመስለኝ ነበር። እውነቴን ነው። በዳለቻ ቀንቼ አውቃለሁ።

እርፍ የጨበጥኩት በአሥራ ሦስት ዓመቴ፣ ግንቦት ላይ ነው። መሬቱ ገና እየተገመሰ ነበር፤ ለጀማሪ ከዚህ የከፋ ጊዜ የለም። አያ ውኃ ሊጠጣ ቆመ። ከዚያ ቅሉን ይዞ አልተመለሰም። ዳር ላይ ተቀመጠ። በሬዎቹ ቆመው ይጠብቃሉ። እኔ ዞሬ አየሁት፤ እሱ ሌላ ቦታ ያያል። ሄጄ ጨበጥኩት። "ያዝ" ያለኝ የለም።

ማረሻው ዘለለብኝ። ጫን ስለው ጠልቆ ተተከለና በሬዎቹ ቆሙ። ለቀቅ ሳደርገው አፈሩን ጭሮ እንደ ዶሮ አለፈ። ጥልቀቱን የሚለካው የእጅ አንጓ ነው፤ ማረሻ ላይ ሌላ መለኪያ የለም። ያ ነገር በቃል አይነገርም። አያ ከዳር ሆኖ "ጫን" ይላል፣ "ቀለል" ይላል። ሌላ የለም። ማታ እጄ አብጦ እንጀራ መቁረስ አቃተኝ። አያ ከመሶቡ ቆርሶ አጎረሰኝ። ሦስት ጊዜ። ያን ቀን ለዳለቻ ምን እንዳለው አላውቅም፤ እርፉን ስይዝ በጆሮዬ የሚሰማኝ የደሜ ምት ብቻ ነበር።

ዘር ግን አላስነካኝም። እስከ ዛሬም ጤፍ በትኜ አላውቅም።

የጤፍ መዝሪያ ቀን በእኛ ቤት እንደ ዓመት በዓል ነው። ሐምሌ አጋማሽ ላይ ነው፤ ዝናቡን አይቶ ቀኑን የሚቆርጠው አያ ነው። መጀመሪያ ለሰለሰው ማሳ ላይ ከብቱን፣ በጉን፣ አህያውን፣ እኛንም ጨምሮ ይነዳናል። እየሮጥን እንረግጠዋለን። አፈሩ ካልተጠቀጠቀ የጤፍ ፍሬ ገብቶ ይቀራል። ጭቃ እስከ ጉልበት ነው፤ ሳቅ ነው፤ የወደቀ ልጅ አይቆጠርም። ከዚያ ሁላችንም ከማሳው እንወጣና አያ ብቻውን ይገባል። በባዶ እግሩ። አማትቦ ይጀምራል። እጁ ከወገቡ ተነስቶ ወደ ጎን ሲከፈት ፍሬው አይታይም፤ የሚታየው እጁ ብቻ ነው።

ኮሌጅ ስገባ አንድ ግራም ጤፍ ውስጥ 3 ሺህ ገደማ ፍሬ እንዳለ ተማርኩ። ያን ቀን ክፍል ውስጥ ዓይኔ ላይ የመጣው የአያ እጅ ነው። በአንድ እፍኝ ያን ሁሉ ፍሬ ይዞ፣ ሳይቆጥር፣ ማሳውን አዳርሶ ሲወጣ ቁናው ባዶ ይሆናል። አይተርፍም፤ አይጎድልም።

ኮሌጅ የሄድኩበትን ቀን ልንገራችሁና ወደ ጥፋቴ እሄዳለሁ። ሻንጣ ተገዝቶልኝ ነበር፤ የገበያ ሻንጣ ነው፣ ዚፑ ገና ሳልወጣ ተበላሸ። አያ ወጥቶ ይቺን ምራን ይዞ መጣ። ሻንጣዬን ሁለት ዙር አሰረልኝ፤ ሞፈር በሚታሰርበት አተሳሰር። ከዚያ በሬዎቹን ይዞ ሽምብራ መሬት ሊያርስ ወጣ። መንገዴ በማሳው ዳር ነው። ሳልፍ ቀና አላለም። ግን ድምፁን ከፍ አድርጎ፣ "ዳለቻ፣ ቀንበር ተፈታልኝ ብለህ ሩቅ አትሂድ" አለ።

አውቶቡስ ውስጥ አለቀስኩ። አጠገቤ የተቀመጡ እናት የጥርስ ሕመም መስሏቸው ጌሾ ንከስበት አሉኝ።

አሁን ጥፋቴ። ተመርቄ ዲኤ፣ ማለትም የቀበሌ የልማት ሠራተኛ ሆንኩ፤ ነገ እናንተ እንደምትሆኑት። 2004 እና 2005 ዓ.ም. አካባቢ ጤፍን በመስመር የመዝራት ትልቅ ዘመቻ ነበር። ሐሳቡ መጥፎ አልነበረም። ገበሬው ለአንድ ሄክታር ከ30 እስከ 50 ኪሎ ይበትናል፤ ተፋፍጎ ይበቅላል፣ አገዳው ይቀጥናል፣ ዝናብና ነፋስ ሲመጣ ይጋሽባል። በመስመር ሲሆን 5 ኪሎ ገደማ ይበቃል፣ ቡቃያው ይራባል፣ ለማረምም ይመቻል። እኔ አመንኩበት። ገበሬዎቹ ግን "የአባትህ ማሳ ላይ አሳየን" አሉኝ። ጠምዝዘው ያዙኝ።

ለፈቃድ ሄጄ አያ ፊት ተቀመጥኩ። ፊት ለፊት ተቀምጬ ስናገረው ያ የመጀመሪያዬ ሳይሆን አይቀርም። ሥልጠና ላይ እንደተማርኩት አስረዳሁት፤ አገዳው፣ ሥሩ፣ የዘሩ መጠን። ዝም ብሎ ሰማኝ። "ቤቱ ዳር ያለውን ጥማድ ያዝ" አለኝ። ቤቱ ዳር ያለው ከሁሉ የሚሻለው መሬት ነው፤ ፍጉ አለበት። ደስ አለኝ። አሳመንኩት ብዬ እናቴን አቀፍኳት። እሷ ግን "እስቲ ይሁን" ብቻ አለች።

ገመድ ወጠርን። የላስቲክ ጠርሙስ ክዳን ቀድደን በዚያ እያንጠባጠብን ዘራን። አምስት ሰው፣ ቀኑን ሙሉ፣ ግማሹን ጥማድ ጨረስን። በማግስቱ ዝናብ ወረደ። ዋልካ ሲጠጣ ታውቁታላችሁ፤ መስመራችን ኩሬ ሆነ። ሌላውን ግማሽ ዝናቡ ፋታ ሲሰጥ ተጣድፈን ጨረስነው። ዘሩን አፈር አልብሰን አጥልቀነው ኖሯል። ከሳምንት በኋላ ሲበቅል እዚህ ጋ ቡቃያ፣ እዚያ ጋ ባዶ፤ ጥርሱ እንደወለቀ ሽማግሌ። ያ መሬት በዚያ ዓመት የሰጠው ምርት አያ በመበተን ከሚያገኘው ግማሹን አልሞላም።

ጥፋቱ የመስመር አይደለም፤ በደረቅና ውኃ በማያቁር መሬት ጊዜና ጉልበት ኖሯቸው ደህና ያገኙበት አሉ። ጥፋቱ የኔ ነው። አያ ዋልካው በዚያ ሰሞን እንደሚያቁር ያውቅ ነበር። አልነገረኝም። ተናደድኩበትም። ከዓመታት በኋላ እናቴ ስታጫውተኝ ነው ነገሩ የገባኝ። "ነግሮህ ነበር እኮ" አለችኝ። ለካ ያን ሳምንት ማለስለሻውን ሲያርስ "ዳለቻ፣ እዚህ ጋ ውኃ ይተኛል፣ ረግጠህ እለፍ" እያለ ነበር የዋለው። ድምፁን ከፍ አድርጎ። እኔ በዚያ ሰዓት ዳር ላይ ቆሜ በቀበሌው ስልክ ሪፖርት እያወራሁ ነበር።

ለምን ታዲያ ምርጡን መሬት ሰጠኝ? ይሄን ለብዙ ጊዜ አሰብኩበት። የከፋውን ቢሰጠኝ ኖሮ መሬቱ ነው ያበላሸብኝ እል ነበር። ሰበቤን አስቀድሞ ወሰደብኝ። ወይም ደግሞ ልጁ ስለሆንኩ ምርጡን ሰጠኝ፤ ያን ያህል ቀላል ሊሆን ይችላል። በሚቀጥለው ዓመት የራሱን ማሳ ሲዘራ ዘሩን በግማሽ ቀንሶ በተነው። በመስመር አልዘራም። ቀነሰ ብቻ። ጤፉ ቆሞ ደረሰ። ስለዚህ ጉዳይ እስከ ዛሬ አላወራንም።

እናንተ ቀበሌ ስትመደቡ የሚገጥማችሁን ነገር አሁን ልናገር፤ ማስታወሻ የምትይዙ ከሆነ እዚህ ላይ ያዙ። ስብሰባ ስትጠሩ የሚመጣው አባወራው ነው። መዝገባችሁ ላይ ያለው የሱ ስም ነው፣ አንድ ለአምስት ይባል የነበረው የገበሬዎች ቡድንም በሱ ስም ነበር፣ ሠርቶ ማሳያ ቦታም የሚጋበዘው እሱ ነው። ስብሰባው ሲያልቅ ቤቱ ይሄዳል። በማግስቱ እርፍ የሚይዘው ግን ልጁ ነው። ልጁ መሬት ስለሌለው እናንተ ዘንድ የለም። እኔ አራት ዓመት ሙሉ ማረስ ያቆሙ ሰዎችን እርሻ ሳስተምር ኖሬያለሁ።

ልጁ ለምን መሬት የለውም? እዚህ ላይ የአገራችን ታሪክ በእኛ ቤት በኩል አልፏል። አያቴ ዕድሜውን በርስት ክርክር ነው የጨረሰው። በጎጃም ርስት በአባትም በእናትም በኩል ይመዘዝ ስለነበር የዘር ሐረጉን የሚቆጥር ሁሉ ድርሻ አለኝ ይል ነበር፤ ክርክሩም ለልጅ ልጅ ይተላለፍ ነበር። በ1957 ዓ.ም. አዲስ አበባ ተማሪዎች "መሬት ለአራሹ" ብለው ሲሰለፉ አያቴ የሰማ አይመስለኝም። የካቲት 25 ቀን 1967 ግን አዋጁ መጣ። የገጠር መሬት የሕዝብ ሆነ፣ ለአንድ ቤተሰብ ከ10 ሄክታር በላይ አይያዝም ተባለ። የ10 ሄክታሩ ነገር በእኛ መንደር ቀልድ ነበር፤ ማን ያን ያህል አይቶ ያውቃል? አባቴ ያኔ ጎረምሳ ነው። ከገበሬ ማኅበሩ መሬት ደረሰውና ጎጆ ወጣ።

በ1989 ዓ.ም. ደግሞ በክልላችን ድልድል ሆነ። ገመድ ተጣለ፣ መሬት ተለካ፣ ካለው ተቀንሶ ለሌለው ተሰጠ። የአባቴ ስድስት ጥማድ ላይ ቆመ። ከዚያ በኋላ ገመዱ ተጠቀለለ። ታናሽ ወንድሜ የተወለደው በዓመቱ ነው። ከገመዱ በኋላ የተወለደ ልጅ ከመንግሥት መሬት የሚጠብቅበት መንገድ የለውም ማለት ይቻላል። መሬት አይሸጥም፣ አይለወጥም፤ ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 ላይ አስሮታል። የሚቀረው ከወላጅ በስጦታ ወይም በውርስ ማግኘት ነው። ወይም የሰው መሬት በእኩል ማረስ።

ስድስት ጥማድ፣ አምስት ልጅ። ሁለቱ እህቶቼ ናቸው። በእኛ አገር ሴት እርፍ አትይዝም፤ ዘሩን መርጣ የምታስቀምጠው፣ የምታርመው፣ የምታጭደው ግን እሷ ናት። የይዞታ ደብተሩ ላይም የእናቴ ፎቶ ከአያ ፎቶ ጎን አለ። አያ ያን ደብተር ለእንግዳ ሲያሳይ በአውራ ጣቱ የሚሸፍነው የራሱን ፎቶ ነው። ለምን እንደሆነ አላውቅም። ያፍርበታል መሰለኝ፤ ፎቶው ላይ ዓይኑን ጨፍኗል።

ወንድሜ ሲጎረምስ ሚስት ፈለገ። ጎጆ መውጫ መሬት ጠየቀ። አያ ዝም አለ። ወንድሜ መተማ ሄዶ ሰሊጥ አጨደ። ሁለት ወቅት ሠርቶ፣ ወባ ይዞት፣ ከስቶ ተመለሰ፤ በኪሱ ግን የበሬ ዋጋ ነበረው። በሬ ለመሆን ገና የቀረው ወይፈን ገዛ። ቀጥሎ የማሳው ዳር ላይ ባሕር ዛፍ ልትከል አለ። በአምስት ስድስት ዓመት ይሸጣል፣ ብር ነው። አያ እምቢ አለ። ባሕር ዛፍ ሥሩ ርቆ እየሄደ ውኃውን ይጠጣዋል፣ አጠገቡ ጤፍ አይሆንም ባይ ነው። ሁለቱም እውነት አላቸው፤ እኔ የተማርኩት ሰው እንኳ መፍረድ አቃተኝ። ወንድሜ አንድ ሌሊት ሀምሳ ችግኝ ተከለ። አያ በማግስቱ ሌሊት ሀምሳውንም ነቀለ። ተኳረፉ።

ኩርፊያው እንዴት ያለ ነው መሰላችሁ? አንድ ቤት እያደሩ፣ ከአንድ መሶብ እየበሉ፣ በእናቴ በኩል "ጨው አቀብለኝ በይው" እየተባባሉ። ከፋሲካ እስከ ሐምሌ።

እርሻው ግን አይጠብቅም። ያን ዓመት ከሁለቱ በሬዎቻችን አንዱ ታሞ ሞተ። የቀረው ዳለቻ ነው፤ ሦስተኛው ዳለቻ፣ በእኛ ቤት ሁልጊዜ አንድ ዳለቻ አይጠፋም። አያ አንድ በሬ አለው። ወንድሜ አንድ ወይፈን አለው። በአንድ በሬ አይታረስም። መንደሩ ውስጥ አንድ በሬ ያለው ሰው እንዳቅሙ አንድ በሬ ካለው ጋር ይቀናጃል፤ አንድ ቀን ለኔ፣ አንድ ቀን ላንተ። ወይፈኑ ደግሞ አልተገራም፤ ቀንበር ሲያይ ይዘላል። ያልተገራ ወይፈን የሚገራው ካረጀ በሬ ጋር ተጠምዶ ነው፤ እሱ ሲዘል ሽማግሌው በሬ ዝም ብሎ በክብደቱ ይይዘዋል። ወንድሜ ሌላ ሰው ጋ ቢሄድ ኖሮ ወይፈኑን የሚቀበለው አያገኝም ነበር። አያም ሌላ ሰው ጋ ቢሄድ ሰው ምን ይለዋል? ከልጁ ተጣልቶ ከባዕድ ተቀናጀ?

ስለዚህ ሳይነጋገሩ ተቀናጁ። እናቴ እንደነገረችኝ አንድ ጧት ሁለቱም ቀንበሩ ጋ በአንድ ጊዜ ደረሱ። አያ ዳለቻን በግራ አስገባ። ወንድሜ ወይፈኑን በቀኝ አስገባ። ወንድሜ ከፊት ወይፈኑን እየመራ፣ አያ ከኋላ እርፍ ይዞ። ፊታቸው እንደገና አልተገናኘም። ወይፈኑ ዘለለ፣ ወንድሜን በቀንዱ ገፋው፣ ጭቃ ውስጥ ጣለው። አያ ሳቀ። ሳቁን ሊውጠው ሞከረና አልቻለም። ከዚያ፣ "ዳለቻ" አለ፣ "ልጅ ነው፤ ቻለው።"

ወንድሜ ከጭቃው ሳይነሳ፣ "ዳለቻ፣ አንተም ችግኝ አትንቀል" አለ።

እናቴ ምሳ ይዛ ስትደርስ ዳር ላይ ተቀምጠው እያወሩ ነበር። ስለ ምን እንደሆነ አልነገረችኝም። ባሕር ዛፉ በመጨረሻ ተተከለ፤ ማሳው ዳር ሳይሆን ጤፍ የማይበቅልበት ጭንጫ ላይ፤ ሀያ ችግኝ። ሁለት ጥማድ ለወንድሜ በስጦታ ተላለፈለት። እናቴም ፈረመች፤ ማለቴ የጣት አሻራዋን አሳረፈች። እህቶቼ ለጊዜው ዝም አሉ፤ ይሄ ገና ያላለቀ ነገር ነው፣ ሌላ ቀን የሚነሳ።

ባለፈው ሐምሌ ሄጄ ነበር። የአያ ጉልበት አልታዘዝ ብሏል፤ አሁን እርፍ አይይዝም። ማሳው ዳር አግዳሚ ነገር ተሠርቶለት፣ ጋቢውን ተከናንቦ ይቀመጣል። ወንድሜ ያርሳል። የሰባት ዓመት ልጁ ከኋላው ጓል ይከሰክሳል። እኔ አያ አጠገብ ተቀምጬ ስልኬን አየሁ፤ ሥራ አለኝ፣ ነገ ጧት መመለስ አለብኝ። አያ ምንም አልጠየቀኝም። ዘንድሮ ዝናቡ ዘግይቷል አለ። አዎ አልኩ።

ወንድሜ ትልሙን ጨርሶ ወደ እኛ ሲዞር በሬዎቹን አቆመ። ላቡን ጠረገ። ወደ እኔ አላየም። ጅራፉን አነሳና ድምፁን ከፍ አድርጎ፣ "አንተ ዳለቻ!" አለ። "በዓመት አንዴ መጥተህ፣ ሣር ግጠህ፣ ዕለቱን ትመለሳለህ? እናት የለህም?"

አያ ጋቢው ውስጥ ትከሻው ሲንቀጠቀጥ ታየኝ። ስልኬን ኪሴ ከተትኩና ጫማዬን ማውለቅ ጀመርኩ።